አፍ ያልፈታው ፊልም

ባለፈው እሑድ ከቅዳሴ መልስ፣ ባሕር ዳር ሰባታሚት ካለው የልጄ ቤት በረንዳ ላይ እግሬን ዘርግቼ ፀሐይ ስሞቅ፣ የልጅ ልጄ ሶልያና ስልኳን ይዛ እየሳቀች መጣች። «እማማ፣ ይችን ይዩልኝ» አለችና ዓይኔ ሥር ደቀነችው። አንድ ሽማግሌ ዓሣ አስጋሪ ሐይቁ ዳር ቆሞ መረቡን እየጠቀለለ ይናገራል። ድምፁ ግን የሽማግሌ አይደለም፤ የጎረምሳ ነው። ሚስቱን ያማል፣ ጎረቤቱን ይሳደባል፣ አሳፋሪ ነገር ያወራል። ልጅቱ በሳቅ ፍርስ አለች።

«ሰውየው ነው እንዲህ ያለው?» አልኋት።

«ኧረ አይደለም እማማ! ድምፁን ልጆች ናቸው የገጠሙለት። ሙድ ነው'ኮ፣ ሁሉም እየሠራው ነው።»

«እሱስ ያውቃል?»

«ሽማግሌው? እሱ ምን ያውቃል!»

ስልኩን መለስሁላት። ልቆጣት አፌ ላይ ደርሶ ነበር፤ ዋጥሁት። ምን ብዬ ልቆጣ? እኔም በእሷ ዕድሜ ሳለሁ ይህንኑ አድርጌዋለሁ፤ ያውም አዳራሽ ሙሉ ሰው እያጨበጨበልኝ። ከእሑድ ጀምሮ እንቅልፌ ተቆራርጧል። ብጽፈው ይሻለኛል ብዬ የሶልያናን ደብተር ለመንኋት።

ከማክሰኝት ወደ ባሕር ዳር የመጣሁት የቆርቆሮ ሻንጣ ይዤ፣ አክስቴ ዘንድ ነው። የዘመኑን መንግሥት ነገር ለሚያውቁት ልተወው። እኔ የማስታውሰው መንገድ ዳር የተተከሉት ዘንባባዎች ገና ቁመታቸው ከእኔ ብዙ የማይበልጥ እንደነበር ነው። ዛሬ ቀና ብዬ ጫፋቸውን ሳይ ነጠላዬ ከራሴ ይወድቃል። ያኔ ሻይ በአምስት ሳንቲም ነበር፤ ቦንቦሊኖ ሲጨመርበት አሥር። ኮንጎ ጫማ አዲሱ ሲገዛ የላስቲክ ሽታው ሳምንት አይለቅም፤ ዝናብ ሲመታው ደግሞ እግር ውስጥ ይጮኻል። ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካው ሲቀጥረኝ የፈትል ክፍል ደረሰኝ። የተረኛ ጡሩምባ ሲነፋ ከተማው በሙሉ በብስክሌት ይሞላል፤ ወንዶቹ ቴርጋል ሱሪያቸው በሰንሰለቱ እንዳይበላ ቁርጭምጭሚታቸው ላይ በክር አስረውት፣ እኛ ሴቶቹ ኋላ ተፈናጥጠን ሻርባችንን በጥርሳችን ይዘን። ከፋብሪካው ስንወጣ ፀጉራችን በጥጥ ብናኝ ነጭ ነው፤ ገና በሃያ ዓመታችን ሽበታም እንመስል ነበር። ዛሬ ያ ሽበት እውነቱ መጥቶ ተቀመጠብኝ፤ ቢያራግፉት አይለቅ።

ከፋብሪካው አጠገብ የሠራተኛ ክበብ አዳራሽ ነበር። እዚያ እሑድ ከሰዓት በኋላ ፊልም የሚያሳየን ከድሬዳዋ የመጣ የኤሌክትሪክ ባለሙያ ነው፤ ጋሽ ከማል ይባላል። ቀጭን፣ ረዥም፣ ሸሚዙን እስከ ላይ የማይቆልፍ፣ ሰውን ሁሉ «አቦ» የሚል ሰው። የፊልም ማሳያው የድምፅ ክፍሉ ተቃጥሎ መለዋወጫው ከባሕር ማዶ ሊመጣ ነው እየተባለ ሳይመጣ ቀረ። እሱም ሐሳብ አልገባውም። ፋብሪካውን የተከሉት ፈረንጆች ትተዋቸው የሄዱ፣ ሲኒማ ገና አፍ ሳይፈታ በነበረበት ዘመን የተሠሩ አሮጌ የፊልም ጥቅልሎች ከዕቃ ቤት አወጣ። «እነዚህ ሲወለዱም ድምፅ የላቸውም፤ ማሽኑን አያሳጡትም» አለ። መስኮቶቹን በጥቁር ጨርቅ ሸፈነ፣ ከራሳችን ፋብሪካ የወጣ አቡጀዲ ግድግዳው ላይ ወጠረ፣ እኛም ስሙኒ ስሙኒ ከፍለን ገባን።

መጀመሪያ ቀን አዳራሹ ለቅሶ ቤት መሰለ። አንድ ወፍራም ሰው ባርኔጣውን ነፋስ ወስዶበት ሲያባርር እናያለን፣ ማሽኑ ይንጣጣል፣ ሰው ይስላል። እኔ ታዲያ የፈትል ክፍል ሴት ነኝ፤ በማሽን ላይ ስንጮኽ የኖርን ስለሆነ ዝግ ብለን መናገር ረስተናል። «ኧረ የወንድ ያለህ! የአማቴን ባርኔጣ ያዙልኝ!» ብዬ በማክሰኝት አነጋገር ለቀቅሁት። አዳራሹ ተነሣ። ከዚያ እሑድ በኋላ ጋሽ ከማል ከአቡጀዲው ጎን ወንበር አኖረልኝ። «ሙሉነሽ፣ የነዚህ ሰዎች አፍ አንቺ ነሽ» አለኝ።

ሕዝቡም ሥራ ተከፋፈለ። ፈረስ ሲጋልብ የማቅለሚያ ክፍል ወንዶች ጭናቸውን ይመታሉ። ባቡር ሲመጣ የሽመና ክፍል ሴቶች «ሸክ-ሸክ-ሸክ» እያሉ ሲሚንቶውን በእግራቸው ይደልቃሉ፤ እውነት ባቡር የገባ እየመሰላቸው ደጅ ያሉት ይሰበሰቡ ነበር። ጋሽ ከማልም እየተለማመደብን ሄደ። አንድ ቀን ጥቅልሉን ወደ ኋላ አዞረው፤ ወንዝ የገባው ሰው ደርቆ ከውኃው ዘሎ ወጣ፣ የፈሰሰው ወተት እየተጎተተ ማሰሮው ገባ። ጩኸቱ! «ድገመው!» እያልን ስንት ጊዜ አስመለስነው መሰላችሁ። ሌላ ጊዜ ደግሞ አቡጀዲውን አወረደና የፈትል ክፍል ሴቶችን ነጠላችንን ዘርግተን በመደዳ አቆመን። ምስሉን በእኛ ላይ አበራው። መርከብ የሚሄድበት ባሕር ደረታችን ላይ አረፈ፤ እኛ ስንስቅ ባሕሩ ይናወጥ ነበር። ዓይኔን የብርሃኑ ጨረር ወግቶት ምንም ሳላይ፣ ሰው ሁሉ ወደ እኔ እያየ ሲያጨበጭብ የተሰማኝን ደስታ ከዚያ ወዲህ አላገኘሁትም።

ከዚያ የራሳችን ፊልም መጣ። ጋሽ ከማል ከአንድ የፈረንጅ ባለሙያ በእጅ የሚጠመዘዝ ትንሽ ካሜራ ተዋሰና አንድ ቅዳሜ ጠዋት ሐይቁ ዳር ወረደ። እኔ ተረኛ ስለነበርሁ አልሄድሁም። ጥቅልሉ ታጥቦ እስኪመጣ ወራት ፈጀ። የደረሰ ዕለት አዳራሹ መተንፈሻ አልነበረውም። ብስክሌቶቻችን፣ የፋብሪካው በር፣ ገበያተኛው፣ ከዘጌ ጌሾና እንጨት ጭነው የሚመጡት የደንገል ታንኳዎች። ሁሉም ራሱን ባየ ቁጥር ስሙን ይጠራል። «እኔ ነኝ! እኔ ነኝ!» ዛሬ ሐይቁ ዳር ብትሄዱ እምቦጭ አረሙ ነው የሚቀበላችሁ፤ የሞተር ጀልባው ጭስ ነው። ያኔ ግን ታንኳዎቹ ጠዋት ጠዋት ተሰልፈው ሲመጡ ሐይቁ ራሱ የሚንቀሳቀስ ይመስል ነበር።

ከታንኳ ቀዛፊዎቹ አንዱ ቢያድግልኝ ነበር፤ የስንዱ ባል። ስንዱ ከእኔ ማሽን አጠገብ ያለውን ማሽን የምታሠራ የሥራ ባልደረባዬ ናት፤ ዝምተኛ፣ ስትስቅ አፏን በእጇ የምትሸፍን። ባሏ የዘጌ ሰው ነው፤ ፋብሪካ አይሠራም፣ ሲኒማም አይገባም። በፊልሙ ላይ ታንኳውን ዳር አስጠግቶ፣ መቅዘፊያውን ተደግፎ፣ ወደ ካሜራው እያየ አንድ ነገር ይናገራል። ከንፈሩ ይንቀሳቀሳል። ወዲያው ምስሉ ይናጥና ሰማይ ብቻ ይታያል።

እኔም የለመድሁትን አደረግሁ። ድምፄን የወንድ አድርጌ «ለስንዱ ንገሯት! እኔ ደቅ ደሴት ገብቻለሁ፣ ሌላ አግብቻለሁ፣ አልመለስም!» አልሁ። ሰማዩ ብቅ ሲል ደግሞ «በሰማይ ቤት እንገናኝ!» ብዬ ጨመርሁበት። ሰው በሳቅ ከወንበር ወደቀ። ስንዱም ስቃለች፤ አፏን ሸፍና። ስንወጣ በነጠላዋ ጫፍ መታችኝ። «አንቺ ምላሳም፣ ቆይ ለእሱ ባልነግርልሽ!»

ብዙም አልቆየ። አንድ ከሰዓት በኋላ ሐይቁ ላይ ድንገተኛ ማዕበል ተነሣ። የቢያድግልኝ ታንኳ በሦስተኛው ቀን ደቅ አጠገብ ደንገል ውስጥ ተሰክቶ ተገኘ፤ መቅዘፊያው አብሮ አለ። እሱ የለም። ሬሳም የለም። መጀመሪያ ሁሉም አለቀሰ። ቀናት ሲቆጠሩ ግን ወሬው መልኩን ለወጠ። ታንኳው ደቅ ዳር ምን አደረሰው? ሰውየውስ የታል? «ራሱ ተናግሮ የለ፤ ደቅ ገብቻለሁ ብሎ!» ይባል ጀመር። አዳራሽ ያልነበሩት ካሉት ሰምተው፣ ያሉትም ካልነበሩት መልሰው ሰምተው፣ ቀልዱ የእኔ መሆኑ ተረሳ። ሻይ ቤት ቁጭ ብዬ አንድ ሰው «በዓይኔ አይቼዋለሁ፣ ሲናገር ሰምቼዋለሁ» ብሎ ሲምል ሰምቻለሁ። ብርጭቆዬን አስቀምጬ ወጣሁ። ያኔ ተነሥቼ «እኔ ነኝ ያልሁት» ማለት ነበረብኝ። አላልሁም። አፈርሁ፤ ደግሞም ያልፋል ብዬ ነው።

አላለፈም። የቢያድግልኝ ታላቅ ወንድም አያሌው ከዘጌ መጣ። ወሬውን እንደሰማ ለቅሶውን አስቆመ። ክፉ ሰው አልነበረም፤ ወንድሙን ስለወደደ ነው። «ወንድሜ በሕይወት አለ፤ በቁሙ ፍትሐት አይደረግለትም» አለ። ደቅ ተሻግሮ ሁለት ሳምንት ቤት ለቤት ዞረ፤ ገበሬውን ጠየቀ፣ አስጋሪውን ጠየቀ፣ ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ቆሞ ተማጸነ። ባዶ እጁን ተመልሶም «ደብቀውት ነው» አለ። የንስሐ አባታቸው ቄስ ሞገስ ቤተሰቡ ስላልተስማማ እጃቸው ተያዘ። አርባው እንደ ዋዛ አለፈ። ስንዱ ጥቁር ልልበስ ስትል «ባልሽን ልትገድይው ነው?» ይሏታል፤ ሳትለብስ ስትወጣ «ጥሏት ሄዶ ምን ቸገራት» ይሏታል።

አንድ ቀን በምሳ ሰዓት የጥጥ ከረጢት ላይ ተቀምጠን ሳለን እጄን ያዘችው።

«ሙሉ፣ እኔም እዚያ ነበርሁ። ስቄያለሁ። አንቺ እንዳልሽው አውቃለሁ» አለችኝ።

እጄን ሳትለቅ ቀጠለች።

«ግን አሁን አሁን ሳስበው ከእሱ አፍ ሲወጣ ነው የሚታየኝ። የራሱ ድምፅ እንኳ ጠፋብኝ። ሲናገረኝ በአንቺ ድምፅ ነው የሚናገረኝ። ድምፁን መልሽልኝ፤ ሌላ ምንም አልፈልግም።»

የምመልሰው ከየት አምጥቼ? በዚያው ቀን ጋሽ ከማል ዘንድ ሄጄ ሁሉንም ነገርሁት። ጢሙን እየነጨ ሰማኝ። «በዚያው አዳራሽ ያልሽውን በዚያው አዳራሽ ማፍረስ ነው» አለ። አያሌውንና ቄስ ሞገስን ራሷ ስንዱ ለምና አመጣቻቸው። ቄስ ሞገስ ሲኒማ ቤት ረግጠው አያውቁም፤ «ስለ ሙት ከሆነ እገባለሁ» ብለው መስቀላቸውን እንደያዙ ፊት ወንበር ላይ ተቀመጡ። ሰውም መጣ። ያን እሑድ ጭኑን የመታ የለም፣ ሲሚንቶ የደለቀም የለም።

ብርሃኑ ሳይጠፋ ተነሣሁ።

«እኔ ሙሉነሽ ነኝ። ቢያድግልኝ ደቅ ገብቻለሁ አላለም። አግብቻለሁም አላለም። እኔ ነኝ ያልሁት። እንድትስቁልኝ ብዬ ነው። የሰውን ስም አጠፋሁ፣ ይቅር በሉኝ።»

አያሌው ከወንበሩ ተነሣ። ልብሱ ገና የታንኳ እርጥበት ይሸታል። «አሳየኝ» አለው ጋሽ ከማልን። ፊልሙ ተጀመረ። ወንድሙ አቡጀዲው ላይ ብቅ ሲል አያሌው የፊቱን ወንበር መደገፊያ ያዘ። የቢያድግልኝ ከንፈር ተንቀሳቀሰ፤ ሰማዩ መጣ።

«ተናግሯል!» አለ አያሌው። «አፉ ሲንቀሳቀስ አየሁት! አንች ያልሽውን ካላለ፣ እሱ ምንድን ነው ያለው?»

ወደ ጋሽ ከማል ዞርሁ። እሱም ራሱን ነቀነቀ፤ ካሜራው ጆሮው ሥር ስለሚያጉረመርም ፊልሙን ባነሣ ዕለት ምንም አልሰማም። ያን ጊዜ ከኋላ «መልሰው እስቲ» የሚል ድምፅ መጣ። እትዬ ጥሩወርቅ ነበረች፤ ከአቃቂ የመጣች፣ በሽመና ክፍል ከሁላችን የቆየች ሴት። የሽመና ክፍል ጩኸት ከእኛ ይብሳል፤ ብትጮኺም የሚሰማሽ የለም። ስለዚህ እዚያ የኖሩ ሴቶች ጆሯቸውን ትተው የሰውን ከንፈር ማንበብ ይለምዳሉ። ከአዳራሹ ጫፍና ጫፍ ሆነው ያለ ድምፅ ሲጫወቱ አይተናቸዋል። ስንስቅባቸው ነው የኖርነው።

ጋሽ ከማል መለሰው። ቢያድግልኝ ከሰማዩ ወረደ፣ ወደ ኋላ ተናገረ፣ ቆመ። እንደገና ወደ ፊት። «ዝግ አድርገው» አለች። ሞተሩን አጥፍቶ በእጁ እያዞረ፣ ፊልሙ እንዳይቃጠል እየሰጋ፣ አንድ አንድ እያለ አሳለፈው። ያ በጨዋታ ስንፈነጥዝበት የኖርነው ነገር ያን ዕለት እንደ ጸሎት ነበር። ሌሎቹ የሽመና ሴቶችም ከየወንበራቸው ተነሥተው ወደ ፊት ተጠጉ። ከንፈራቸው ከቢያድግልኝ ከንፈር ጋር አብሮ ይንቀሳቀስ ነበር።

«‹ራቅ› ነው የመጀመሪያው» አለች እትዬ ጥሩወርቅ። «‹ራቅ በል›።»

«‹ወንድሜ› ይላል» አለች ሌላዋ።

«አዎ። ‹ራቅ በል ወንድሜ፤ ድንጋዩ ያዳልጣል›።»

እንደገና አዞረው። አሁን ሁላችንም አየነው። አንዴ ከተነገረ በኋላ ሌላ ነገር ማየት አይቻልም ነበር። ራቅ በል ወንድሜ፤ ድንጋዩ ያዳልጣል። ቀጥሎም ሰማይ።

ጋሽ ከማል እጁን ከማሽኑ አነሣ። «ወላሂ እውነቷን ነው» አለ። «ያኔ ነው ተንሸራትቼ በጀርባዬ የወደቅኩት። ተንጋልዬ ነው ሰማዩን ያነሣሁት። ለካ እኔን ነው ያስጠነቀቀኝ።»

አያሌው እስከ አቡጀዲው ሄደ። እጁን ሲዘረጋ ጥላው ወንድሙን ሸፈነው፤ ደንግጦ ወደ ጎን ፈቀቅ አለ። «ይህ የሱ ቃል ነው» አለ። «የሱ ነው። የማያውቀውን ሰው ወንድሜ ነው የሚለው።» ከዚያ ዞሮ አየኝ። «እኔ እኮ አንች ባልሽው ነው የኖርሁት። ደቅ አለ ብየ ነው እህል የቀመስሁት። ታዲያ አሁን ሞቷል በሉኛ!»

ያን ጊዜ የገባኝ ነገር እስከ ዛሬ ያመኛል። ቀልዴ ለስንዱ እሾህ፣ ለእሱ ግን ምርኩዝ ነበር። ከእሷ ስነቅለው ከእሱ ነጠቅሁት።

ቄስ ሞገስ ተነሥተው ትከሻውን ያዙት። «ልጄ፣ ተስፋህን በእግዚአብሔር አድርግ እንጂ በሰው ቀልድ አታድርግ። ወንድምህን አልቅሰህ ሸኘው። ቢመጣም እልል እንላለን፤ በእንባችን የሚቀየም አይደለም» አሉት። አያሌው እዚያው አዳራሽ ወለል ላይ ቁጭ ብሎ አለቀሰ። ስንዱ መጥታ አጠገቡ ተቀመጠች። እኛ በየተራ ወጣን፤ መስኮቱን የሸፈነውን ጨርቅ ያነሣ ሰው አልነበረም።

ጋሽ ከማል ከጥቂት ዓመት በኋላ ወደ አገሩ ተመለሰ። ፊልሙ የት እንደገባ የሚያውቅ አላገኘሁም። እኔም ከዚያ ወዲያ ከአቡጀዲው ጎን አልተቀመጥሁም። በዚያ ወንበር ሌላ ልጅ ተቀመጠች፤ ጎበዝ ነበረች አሉ።

ለሰማንያኛው ቀን ፍትሐቱ ተደረገ። የተቋረጠው ለቅሶም በዚያው ዕለት ሐይቁ ዳር ካለው የስንዱ ደጅ ተለቀሰ። ሬሳ ስለሌለ ጋቢውና መቅዘፊያው ወጥቶ ሰሌን ላይ ተጋደመ። ከዘጌ የመጣው ዘመድ፣ የፋብሪካው ሰው፣ ጎረቤቱ ከቦት ቆመ። እኔ ከሴቶቹ ኋላ አጥር ጥግ ነበርሁ፤ ፊት ለመቅረብ ድፍረቱ አልነበረኝም። ሙሾ የምታወርደው ሴት ተነሥታ ልትጀምር ስትል ስንዱ አስቆመቻት። ጥቁር ለብሳለች። ሕዝቡን በዓይኗ ስታስስ ቆየችና አገኘችኝ።

«ሙሉ፣ ነይ» አለች።

ሴቶቹ መንገድ ለቀቁልኝ።

«ያኔ በአፉ ተናግረሽለታል» አለችኝ፤ ሁሉ እየሰማ። «አሁን አልቅሽለት።»

ሙሾ አውርጄ አላውቅም። ያን ያህል ሰው ፊት ድምፄ ሲጠፋ የመጀመሪያዬ ነበር። ጋቢውን አየሁት፤ ጠርዙ ላይ የጥገና ስፌት ነበር፣ የስንዱ የእጅ ሥራ። አፌን ከፈትሁ፣ ከየት እንደመጣ ሳላውቅ ወጣ፦

«አፍህን ተውሼ ቀልጄብህ ነበር፣
በራሴ አፍ ላልቅስህ፣ ውኃ ሆኖህ አፈር።»

ነፋሱ ደንገሉን ያንሿሿዋል። ከዚያ ከወንዶቹ በኩል አንድ ወፍራም፣ የሻከረ ድምፅ ቃሌን አንሥቶ ተቀበለኝ፤ ሌላውም ተከተለ።

መጀመሪያ የተቀበለኝ አያሌው ነው።